ምንጩ ያልተመረመረ ዕቃ

ዕቃ በገበያ የሚታመነው በመልኩ ብቻ ሳይሆን ከየት እንደ መጣ በሚያስረዳው ማስረጃ ጭምር ነው። በሥዕል ንግድ ይህ ደንብ ይበልጥ ይጠብቃል፤ ሸራውና ቀለሙ ዋጋቸው ጥቂት ሲሆን፣ ሚሊዮን የሚያወጣው የዝነኛው ሠዓሊ እጅ ያረፈበት መሆኑ ነውና። «ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ» የተባለውን ምክር ስግብግብነት ሲያስረሳ የሚደርሰውን ጉዳት፣ በኒው ዮርክ ከተማ የነበረው የኖድለር የሥዕል ንግድ ቤት ታሪክ በሚገባ ያሳያል።

ቤቱ በ1846 ዓ. ም. የተቋቋመና ስመ ጥር ነበር (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። ከ1994 ዓ. ም. ጀምሮ ግላፊራ ሮዛሌስ የተባለች ሻጭ፣ የማርክ ሮትኮ፣ የጃክሰን ፖሎክና የሌሎችም ሥራዎች ናቸው እያለች ከዚያ በፊት ያልታወቁ ሥዕሎችን ታቀርብለት ጀመር። ባለቤቱ ስሙ እንዲገለጽ የማይፈልግ ሰው ነው ከማለት በቀር የግዢ ደረሰኝ አላሳየችም። ሥዕሎቹን የሠራቸው ግን በዚያው ከተማ በኩዊንስ የሚኖር አንድ ቻይናዊ ሠዓሊ ነበር፤ ሸራዎቹም ያረጁ እንዲመስሉ ሆን ተብሎ ለሙቀትና ለብርድ ይጋለጡ ነበር።

ንግድ ቤቱ በ950 ሺህ ዶላር የገዛውን አንድ «ሮትኮ» በ2004 ዓ. ም. በ8.3 ሚሊዮን ዶላር ሸጠ። እውነተኛ የሮትኮ ሥዕል ያለው ሰው ስለ ምን በዚህ ዋጋ ይለቀዋል ተብሎ ሊጠየቅ በተገባ ነበር። በ2003 ዓ. ም. እንኳ መርማሪዎች አንዱን «ፖሎክ» የእርሱ ሥራ ነው ብለው ለመመስከር እምቢ ባሉ ጊዜ፣ ቤቱ ለገዢው ገንዘቡን መለሰ እንጂ ከሻጭዋ መግዛቱን አልተወም።

በመጨረሻ በ2007 ዓ. ም. በ17 ሚሊዮን ዶላር የተሸጠ ሌላ «ፖሎክ» በላቦራቶሪ ተመረመረ። ሠዓሊው የሞተው በ1956 ዓ. ም. ሲሆን፣ በሥዕሉ ላይ የተገኘው ቢጫ ቀለም ግን ለገበያ የቀረበው ከዚያ በኋላ ነበር። ቤቱ በ2011 ዓ. ም. ተዘጋ። ሮዛሌስም በ2013 ዓ. ም. ጥፋቷን አመነች፤ ለሁለት የኒው ዮርክ ነጋዴዎች ያቀረበቻቸው ከ60 በላይ ሐሰተኛ ሥዕሎች 80 ሚሊዮን ዶላር ያህል ተሸጠው ነበር። የኖድለር ኃላፊዎች እኛም ተታለናል አሉ፤ በወንጀልም አልተከሰሱም። ገዢዎች ግን ካሣ ጠይቀው በፍርድ ቤት ከሰሱ።

ነጋዴ ከዚህ የሚማረው ግልጽ ነው። ከልክ ያለፈ ርካሽነት ራሱ ምስክር ነው፤ ከልክ ያለፈ ትርፍም ጥያቄን ያፍናል። ደረሰኝ የጠየቀ ሰው አንድ ትርፍ ቢያመልጠው ነገ ሌላ ያገኛል፤ ሳይጠይቅ የገዛ ግን 165 ዓመት የተገነባ ስም በአንድ ቀን ሊያጣ ይችላል።