ቀልዱን ማን ጻፈው?

እዚህ ጅቡቲ ከተማ የአገሩ ቴሌቪዥን የሚናገረው በሶማልኛ፣ በአፋርኛ፣ በዓረብኛና በፈረንሳይኛ ነው። የአማርኛው ሳቅ የሚመጣልን በዲሽ ነው። እኛ ትልልቆቹ በአለባቸው ተካና በልመነህ ታደሰ አጫጭር ቀልዶች ስቀን አድገናል። የተዋናዩን ፊት እናውቃለን፤ ጸሐፊውን ግን ማን ጠይቆ ያውቃል?

በ2011 ዓ.ም. በፋና ቴሌቪዥን ይታይ የነበረው «ምን ልታዘዝ» ነው ጸሐፊውን ያስጠየቀን። በኃይሉ ዋሴ ይባላል፤ በፊልም ሥራም ይታወቃል። ድራማው ሲያዩት ቀላል ነው፤ አንድ ካፌ፣ አለቃ፣ አስተናጋጆች፣ ደንበኞች። ካፌው ግን አገር ነው! አለቃና ሠራተኛ ሲጨቃጨቁ ነገሩ ስለ ማን እንደሆነ አዋቂ አይስተውም። ስም ሳይጠሩ መናገር የቆየ የሰምና ወርቅ ሙያችን ነው፤ በየሳምንቱ ከወሬው እኩል እየሮጡ መጻፍ ደግሞ ቀላል እንዳይመስላችሁ። ያለፈ ወሬ ላይ የተቀለደ ቀልድ ቀዝቃዛ ሻይ ነው።

የሚያሳስበን የልጆቻችን ነገር ነው። አሊ አዴና ሆልሆል ካምፕ የተወለዱት በሰሙ ይስቃሉ፣ ወርቁ ያመልጣቸዋል። «እማዬ፣ ምን አሳቀሽ?» ይላሉ። ቀልድ ሲያብራሩት ይሞታል ይባላል፤ ይሁን፣ ግድ የለም፣ አስረዷቸው። የቆዩት ክፍሎች ዩቲዩብ ላይ አሉ፤ ስልክ ያለው ለጎረቤት ልጆችም ያሳይ።