ሾተላይ፦ ከክታቡ እስከ ደም ምርመራው

በቡሬና በፍኖተ ሰላም አካባቢ ገጠር ላደግን ሰዎች ክታብ እንግዳ ነገር አይደለም። በቆዳ ተሰፍቶ ከማተባችን ጎን አንገታችን ላይ ታስሮልን አድገናል። ውስጡ ምን እንደተጻፈ ግን የሚነግረን አልነበረም። ብንጠይቅም መልሱ አንድ ነበር፤ "አይከፈትም!"

የሚያውቁት ደብተሮች ነበሩ። ደብተራ ቅኔና ዜማ፣ አቋቋምም የተማረ የቤተ ክህነት ሰው ነው፤ ቅዳሴ የሚቀድስ ቄስ ግን አይደለም። ጎጃም ደግሞ የዚህ ትምህርት አገር ናት። ስማቸው ከገነነው የቅኔ ቤቶች መካከል ዋሸራና ጎንጅ የጎጃም ናቸው። ቅኔው በአደባባይ ይዘረፋል፣ ይደነቃል። ከቅኔው ጎን ግን በስውር የሚያዝ፣ መምህሩ ለሚያምነው ተማሪ ብቻ የሚያስተላልፈው ሌላ እውቀት ነበር፤ አስማትና ጠልሰም።

ዛሬ "አስማት" ስንል ዓይን የሚያታልል ሥራ ይመስለናል። በግእዝ ግን ቃሉ "ስሞች" ማለት ነው፤ የ"ስም" ብዙ ቁጥር። እምነቱም ከዚህ ይነሣል። ስውር የሆኑ የፈጣሪ ስሞች አሉ፤ እነርሱን አውቆ የጠራ ክፉውን መንፈስ ያስራል ይባላል። ጠልሰሙ ደግሞ ሥዕል ነው፤ በመካከሉ ፊት ያለበት ባለ ስምንት ጫፍ ኮከብ፣ አፍጥጠው የሚያዩ ዓይኖች፣ ሰይፍ የመዘዘ መልአክ። ትልቁ ጥቅል ብራና በባለቤቱ ቁመት ልክ ይሠራ ነበር፤ ከራስ ፀጉሩ እስከ እግር ጥፍሩ እንዲጠብቀው። የክርስትና ስሙም ይጻፍበታል። ብዙ ሰው የክርስትና ስሙን ለማንም የማይናገረው "ክፉ ሰው ሰምቶ ይተበትብብኛል" ብሎ ስለሚፈራ ነው።

ዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ጥንቆላን አጥብቀው ተዋግተዋል። ዛሬም ብዙ የቤተ ክርስቲያን መምህራን ይህን ልማድ ያወግዛሉ። ታዲያ እስከ እኛ ዘመን እንዴት ደረሰ? ለእኔ መልሱን የሚሰጠኝ በክታቦች ላይ ደጋግሞ የሚጻፈው የሱስንዮስና የውርዝልያ ታሪክ ነው። ሱስንዮስ ሚስት አግብቶ ልጅ ይወልዳል። ውርዝልያ የምትባል ክፉ ሴት ሕፃኑን ትገድልበታለች። እርሱም በፈረስ ሄዶ በጦር ይወጋታል። ይህ ጸሎት የሚጻፈው ልጅ ለማይበረክትላት እናት ነው። አገሬው የዚያችን እናት መከራ ሾተላይ ይለዋል።

እንግዲህ ያ በቆዳ የተሰፋ ምስጢር ሲፈታ የሚገኘው የእናት ልቅሶ ነው። እናቲቱ ትወልዳለች፣ ትቀብራለች፤ ደግማ ትወልዳለች፣ ደግማ ትቀብራለች። ለተረፈው ልጅ ካሳ፣ ምትኩ፣ ማስረሻ የሚል ስም ይወጣለታል። ስለሞቱት ግን ዳግም አይነሣም። ደብተራው የስሞቹን ምስጢር ሲጠብቅ፣ የእኛ አያቶች ደግሞ የቀበሯቸውን ሕፃናት ምስጢር ጠበቁ።

በእኛ ቤት ይህ ዝምታ የተሰበረው እህቴ ባረገዘች ጊዜ ነው። የመጀመሪያ ልጇን በሰላም ወልዳ ነበር። ሁለተኛው በአራት ወሩ ወረደባት። ለሦስተኛው ስታረግዝ አያቴ ከሣጥናቸው ያረጀ ክታብ አውጥተው "ልጄ፣ ይህን እሰሪ" አሏት። "ለማን የተጻፈ ነው?" ብላ ጠየቀች። "ለእኔ። ሦስት ቀብሬ ነው እናትሽን ያገኘሁ" አሉ። እናቴ እንኳ ያን ቀን ገና መስማቷ ነበር። እህቴ ክታቡን ተቀበለች፤ በማግስቱም ሆስፒታል ሄዳ የሰማችውን ሁሉ ተናገረች። ደሟ ሲመረመር አር ኤች ኔጌቲቭ ሆኖ ተገኘ።

ሐኪሞችም ቃሉን ከሕዝቡ ወስደው ይህን ችግር ሾተላይ ይሉታል። ነገሩ እንዲህ ነው። እናት አር ኤች ኔጌቲቭ፣ አባት ፖዘቲቭ ሲሆኑ ፅንሱ ፖዘቲቭ ሊሆን ይችላል። በወሊድ ወይም በውርጃ ጊዜ የፅንሱ ደም ከእናቲቱ ደም ጋር ሲነካካ፣ ሰውነቷ እንደ ባዕድ ቆጥሮ የሚያጠፋ መከላከያ ያዘጋጃል። የመጀመሪያው ልጅ ብዙውን ጊዜ ደህና ይወለዳል። ጉዳቱ የሚደርሰው በሚከተሉት ላይ ነው፤ ደም ማነስ፣ ከባድ ቢጫነት፣ ሲብስም በማህፀን መሞት። "አንዱ ተርፎ ሌሎቹ አልቀውባት" የሚባለው የመንደር ወሬ ከዚህ ጋር ይገጥማል።

የአር ኤች ደም ዓይነት የታወቀው በ1940 እ.ኤ.አ. ነው። መከላከያው አንቲ ዲ የተባለ መርፌ ሥራ ላይ የዋለው ደግሞ በ1960ዎቹ መጨረሻ ነው። መርፌው በ28ኛው የእርግዝና ሳምንት አካባቢ ይሰጣል፤ ሕፃኑ ፖዘቲቭ ከሆነም ከወሊድ በኋላ በ72 ሰዓት ውስጥ ይደገማል። ፅንስ ሲወርድ ወይም በእርግዝና ወቅት ደም ሲታይም ሐኪም ሊያዝዘው ይችላል። የእናቲቱ ሰውነት መከላከያውን አስቀድሞ ካዘጋጀ ግን መርፌው አይረዳም፤ ያን ጊዜ የቅርብ የሐኪም ክትትል ያስፈልጋል። ስለዚህ ምርመራው በመጀመሪያው የእርግዝና ክትትል ቢደረግ መልካም ነው። መድኃኒቱ በየቦታው ላይገኝ ስለሚችልም የት እንደሚገኝ ቀደም ብሎ መጠየቅ ይገባል።

ለእህቴ ጊዜው አላለፈባትም ነበር። መርፌውን ወሰደች፤ ልጁም በሰላም ተወለደ።

የልጅ መሞት ሁሉ ከአር ኤች አይመጣም። ቂጥኝ፣ ወባ፣ የስኳር በሽታም ፅንስ ይጎዳሉ። የአያት ሐዘንም ለልጅ ልጅ የግድ አይወርድም። የደም ዓይነት ግን በዘር ይተላለፋል፤ ሐኪሙም የቤተሰቡን ታሪክ ካላወቀ በጨለማ ይዳስሳል።

ክታቡን አቃጥሉት ወይም ለቅርስ ነጋዴ ሽጡት የሚል ምክር የለኝም። የደብተራው እጅ ጽሕፈትና የአያቶቻችን ዕንባ ያለበት ብራና ነውና ከእርጥበት ተጠብቆ ይቀመጥ። አንገት ላይ ቢታሰርም የደም ምርመራውን አይተካም።

እናቶችና አያቶች ሆይ፣ ልጃችሁ ወይም ምራታችሁ ስታረግዝ የወረደባችሁን፣ የቀበራችሁትን፣ ቢጫ ሆኖ የተወለደውንም ሳይቀር ንገሯት። ስንተኛው እርግዝና እንደነበረ፣ ፅንሱም በስንት ወሩ እንደወረደ አስታውሳችሁ አስጽፏት። ያንን ወረቀት ይዛ ሐኪም ዘንድ ትሂድ።