ወደ ፊት መንገድ አለ፤ ወደ ኋላ ግን የለም

የሰው ልጅ ርቀትን በበቅሎ፣ በኋላም በመኪናና በአውሮፕላን አሸንፎአል። ጊዜን ግን ለማሸነፍ አልቻለም። ስለዚህ በሥራ ያቃተውን በልብ ወለድ ሲሞክረው ኖሮአል። ይሁን እንጂ ልብ ወለድም ያለ ሕግ አይቆምም። ጊዜን የሚያሻግር መኪና የፈጠረ ደራሲ ሁሉ ለሦስት ጥያቄዎች መልስ ማሰናዳት አለበት፤ ተጓዡ ወዴት ሊሄድ ይችላል? ሊመለስስ ይችላልን? መሄዱንስ በምን ያስረዳል?

እንግሊዛዊው ደራሲ ኤች. ጂ. ዌልስ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1895 ባሳተመው «የጊዜ መኪና» በተባለው መጽሐፉ ተጓዡን ወደ 802,701 ዓ.ም. ይሰደዋል፤ መልሶም ወደ ቤቱ ያመጣዋል። ለምስክርነት ተጓዡ ከኪሱ ሁለት ነጫጭ አበባዎች ያወጣል።

ከዚህ እጅግ የቀደመ ታሪክ ደግሞ በቤተ ክርስቲያናችን መጻሕፍት ይገኛል። በተረፈ ባሮክ እንደ ተጻፈው፣ ኤርምያስን ከጉድጓድ ያወጣው ኢትዮጵያዊው አቤሜሌክ ለሕሙማን በለስ ያመጣ ዘንድ ወደ አግሪጳ የወይን ቦታ ተላከ። ነቢዩ አቤሜሌክ የከተማይቱን ጥፋት እንዳያይ ለምኖለት ነበር። አቤሜሌክም ሲመለስ ከዛፍ ጥላ ሥር ጥቂት ሊያርፍ ቢተኛ፣ የነቃው ከ66 ዓመት በኋላ ሆነ። ኢየሩሳሌም ወድቃ፣ ሕዝቡ ወደ ባቢሎን ተማርኮ ነበር። በቅርጫቱ ያለው በለስ ግን ገና ወተቱ ይንጠባጠብ ነበር። በመንገድ ያገኛቸው ሽማግሌም ወራቱ የበለስ ወራት እንዳልሆነ ተመልክተው ነገሩን አመኑ።

በሁለቱም ታሪክ ምስክሩ ከምድር የበቀለ ነገር ነው። ልዩነታቸው በመመለሱ ላይ ነው። የዌልስ ተጓዥ ይመለሳል፤ አቤሜሌክ ግን ወደ ተኛባት ቀን የሚመለስበት መንገድ የለውም።

መመለስ ምን ችግር ያመጣል የሚል ቢኖር፣ ስለ ደብረ ማርቆስ ያስብ። ከተማይቱ ቀድሞ መንቆረር ትባል ነበር፤ የዛሬ ስሟን ያገኘችው በንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ዘመን ከታነጸው ከቅዱስ ማርቆስ ቤተ ክርስቲያን ነው። አንድ የደብረ ማርቆስ ሰው ወደዚያ ዘመን ተመልሶ ንጉሡን «ቤተ ክርስቲያኑን ሌላ ስፍራ ያሳንጹት» ብሎ ቢያሳምን፣ ደብረ ማርቆስ የምትባል ከተማ አትኖርም። ደብረ ማርቆስ ከሌለች ደግሞ ከእርስዋ ተነሥቶ የሄደው ሰው ማን ነው? የልብ ወለድ ደራሲዎች ብዙ ሕግ የደነገጉት ይህን እንቆቅልሽ ለመፍታት ነው።

የተፈጥሮ ሕግስ ምን ይላል? አልበርት አይንስታይን በ1905 እና በ1915 ባወጣቸው ትምህርቶች ጊዜ ለሁሉ በአንድ ልክ እንደማይሄድ ገለጠ። በፍጥነት የሚጓዝ ሰዓት ይዘገያል፤ ከፍ ካለ ስፍራ የተቀመጠ ሰዓት ደግሞ ከዝቅተኛው ይልቅ ይፈጥናል። በ1971 ሃፈሌና ኪቲንግ የተባሉ ሁለት አሜሪካውያን አራት የአቶም ሰዓቶች በመንገደኞች አውሮፕላን ይዘው ዓለምን ዞሩ። ወደ ምሥራቅ በዞሩ ጊዜ ሰዓቶቹ በምድር ከቀሩት 59 ናኖ ሴኮንድ ዘገዩ፤ ወደ ምዕራብ በዞሩ ጊዜ 273 ናኖ ሴኮንድ ቀደሙ። ናኖ ሴኮንድ ማለት አንድ ሴኮንድ ለሺሕ ሚሊዮን ሲካፈል ነው።

ነገሩ ለጎጃምም ይሠራል። የጮቄ ተራራ ራስ ከ4,000 ሜትር በላይ ከፍ ይላል፤ ከደጀን ቁልቁል የሚወረድበት የዓባይ ሸለቆ ግን ከዚያ 3,000 ሜትር ያህል ዝቅ ይላል። ከመንታ ወንድማማቾች አንዱ በጮቄ ራስ፣ ሁለተኛው በሸለቆው 66 ዓመት ቢኖሩ፣ የጮቄው ከወንድሙ ቀድሞ ያረጃል፤ የሚቀድመው ግን ከአንድ ሴኮንድ አንድ ሺኛ ባነሰ ነው። ይህ ለሰው ኢምንት ቢሆንም ለመሣሪያ ኢምንት አይደለም። በስልካችን ያለንበትን ቦታ የሚያመለክቱን ሳተላይቶች ሰዓታቸው በምድር ካለው በየቀኑ 38 ማይክሮ ሴኮንድ ይቀድማል። በዚህች ቅጽበት ብርሃን ከ11 ኪሎ ሜትር በላይ ስለሚሄድ፣ መሐንዲሶች ልዩነቱን አስቀድመው ያርሙታል።

እንግዲህ ወደ ፊት መቅደም፣ እጅግ በጥቂቱም ቢሆን፣ የተረጋገጠ ነገር ነው። ወደ ኋላ የተመለሰ ግን አልታየም። ስቲቨን ሆኪንግ በ1992 ባቀረበው መላ ምት የተፈጥሮ ሕግ ራሱ እንዲህ ያለውን ጉዞ ይከለክላል ብሎአል። ስለዚህ ተፈጥሮ እስከ ዛሬ የተስማማችው ከዌልስ ሳይሆን ከአቤሜሌክ ጋር ነው።

«ይህ ክፉ ዘመን ተኝቼ ባለፈልኝ» የሚል ሰው የታሪኩን ፍጻሜ ማስታወስ ይገባዋል። በለሱ በንስር ተልኮ ባቢሎን ደረሰ፤ ኤርምያስም ለሕሙማን አደለው። አቤሜሌክን በመጀመሪያው ቀን የጠበቁት ሕሙማን ግን በዚያ ቀን በለስ አላገኙም። እርሱ የተኛበትን 66 ዓመትም ሌሎች በምርኮ አገር ቀን በቀን ኖረውታል።