ከፊልሙ በስተኋላ ያለው ንግድ

ፊልም እንደ ማንኛውም ሸቀጥ አምራች፥ አከፋፋይና ቸርቻሪ አለው። አምራቹ ገንዘብ አውጥቶ ይሠራዋል፤ አከፋፋዩ መብቱን ተረክቦ ለየሲኒማ ቤቱ ያደርሰዋል፤ ሲኒማ ቤቱም ቲኬት ቈርጦ ለተመልካች ይሸጠዋል። በትልልቆቹ የአሜሪካ ኩባንያዎች ዘንድ ለእያንዳንዱ ተግባር የተለየ ሠራተኛ አለ። ከኩባንያዎቹ ውጭ በግሉ የሚሠራ ሰው ግን ከድርሰቱ እስከ ቲኬቱ ያለውን ሁሉ ራሱ ለመሸከም ይገደዳል። ለዚህ ዐይነተኛ ምሳሌ የሚሆኑት በዋሽንግተን የሠሩት ኢትዮጵያዊው ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ናቸው።

ፕሮፌሰር ኃይሌ በ1946 ዓ.ም. (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) በጎንደር ተወለዱ። አባታቸው የቴአትር ደራሲ ስለ ነበሩ ከመድረክ ጋር የተዋወቁት በልጅነታቸው ነው። በ1967 ወደ አሜሪካ ተሻግረው በሺካጎ ተዋናይነትን፥ በሎስ አንጀለስ ደግሞ የፊልም ሥራን ተማሩ፤ ከ1975 ጀምሮም በሐዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለረጅም ዘመን አስተምረዋል። በ1976 የወጣው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» በአማርኛ የተነገረና በኢትዮጵያ የተቀረጸ ፊልማቸው ነው።

የንግድ ሰዎችን ይበልጥ የሚመለከተው ግን ስለ ባሪያ ንግድ የሚተርከው የ«ሳንኮፋ» ጉዳይ ነው። ድርሰቱን የጻፉት፥ ተዋንያኑን የመሩትና የተቀረጸውን ፊልም ቈርጠው የቀጣጠሉት እርሳቸው ሲሆኑ፥ ፕሮዲዩሰርነቱንም ከባለቤታቸው ከወይዘሮ ሽሪኪያና አይና ጋር ይዘውታል። ፊልሙ በ1993 በበርሊን ለውድድር ቀረበ፤ በአሜሪካ ግን የሚረከበው አከፋፋይ ጠፋ። ዕቃ ተሠርቶ አልቆ ገዥ በማጣት መጋዘን ሲቀመጥ ምን ማለት እንደ ሆነ አስመጪም ላኪም ያውቀዋል።

ባልና ሚስቱ ሲኒማ ቤት ተከራዩ። እንዲህ ባለው ውል ባለ አዳራሹ የተቈረጠ ኪራዩን ያገኛል፤ የቲኬቱ ገቢ የባለ ፊልሙ ይሆናል፤ ወንበሩ ባዶ ቢውል ግን ኪሳራው የባለ ፊልሙ ብቻ ነው። ወሬውን ያሰራጩት ብዙ ገንዘብ በሚጠይቅ ማስታወቂያ ሳይሆን በጥቁር አሜሪካውያን ማኅበራት በኩል ነበር። ሕዝቡም መጣ፤ ፊልሙ በዋሽንግተን ለብዙ ሳምንታት ታየ፤ ከዚያም በዚያው ዘዴ ሌሎች ከተሞችን ዞረ።

የማከፋፈያ ድርጅት አስቀድሞ ነበራቸው፤ በኋላም በፊልሙ ስም የተጠራ የመጻሕፍትና የቪዲዮ ሱቅ ከዩኒቨርሲቲው አጠገብ ከፈቱ። በአካባቢው የንብረት ግብር እየከበደ ሲሄድ፥ የከተማው ምክር ቤት በ2019 ለሱቁ የዐሥር ዓመት የግብር እፎይታ ፈቅዶለታል።

ይህ አሠራር ዋጋ አለው። በራስ ገንዘብና በልመና የሚሠራ ሰው ካፒታሉን ቶሎ ማዞር አይችልም፤ ከ«ሳንኮፋ» እስከ «ጤዛ» ዐሥራ አምስት ዓመት አልፏል፤ በመካከሉ ከወጡት አንዱ በ1999 ስለ ዐድዋ የሠሩት ዘጋቢ ፊልም ነው። «ጤዛ» በ2008 በቬኒስ ሁለት ሽልማት፥ በ2009 ደግሞ በዋጋዱጉ የመጀመሪያውን ሽልማት አገኘ፤ ሽልማት ግን የሚቀጥለውን ፊልም ወጪ አይከፍልም።

አከፋፋይ ያጣው «ሳንኮፋ» በ2021 ታድሶ በኔትፍሊክስ ለተመልካች ቀረበ።