የጾም ስንት፣ የፍስክ ስንት? የቴምቢሳ ሠርግና የእድምተኛ መዝገቡ

በደቡብ አፍሪካ፣ ቴምቢሳ ውስጥ አንድ ኢትዮጵያዊ ሠርግ ሲደግስ አዳራሹን የሚሞላው ሕዝብ አገር ቤት በአንድ ድንኳን ሥር እምብዛም አይገናኝም። ከሆሳዕናና ከአካባቢዋ የመጡ ፕሮቴስታንት ዘመዶች አሉ። ከጆሃንስበርጉ የጄፒ ሰፈር የሚመጡ፣ ረቡዕና ዓርብን የማይገድፉ ኦርቶዶክሶች አሉ። ከዚያው ከተማ ከሜይፌር ሰፈር የሚመጡ ሙስሊም ወዳጆች አሉ። የሱቁ ደንበኛና ጎረቤት የሆኑ የአገሩ ሰዎችም አይቀሩም፤ ከእነሱ መካከል የጽዮን ክርስቲያን ቤተ ክርስቲያን ምእመናን የአሳማ ሥጋም አልኮልም አይቀምሱም።

ቴምቢሳ ከጆሃንስበርግ በስተሰሜን ምሥራቅ፣ ከኬምፕተን ፓርክ አጠገብ ትገኛለች። እ.ኤ.አ. በ1957 የአፓርታይድ መንግሥት ከአሌክሳንድራና ከአካባቢው ከተሞች ያስነሣቸውን ጥቁሮች ያሰፈረባት ሲሆን፣ ዛሬ በኤኩርሁሌኒ ማዘጋጃ ቤት ሥር ካሉት ሰፋፊ መንደሮች አንዷ ናት። ስፓዛ ከሚባሉት ትንንሽ ሱቆቿ ብዙዎቹን የያዙት ስደተኞች ናቸው፤ የኛም ሰዎች አሉበት።

እንዲህ ያለ ድግስ ላይ የሚያሳፍረው የምግብ ማነስ ብቻ አይደለም። ሃምሳ ጿሚ መጥቶ ለሃያ ሰው የሚሆን ሽሮና ምስር ብቻ ቢገኝ፣ ሥጋው ተትረፍርፎም ሰው ጦሙን ይመለሳል። ስለዚህ የሠርግ ኮሚቴው የሚይዘው መዝገብ ሁለት ነገር መመለስ አለበት፦ ማን ምን ይበላል፣ ከማንስ ጋር ይቀመጣል? ለዚህ ከሚያገለግሉት መሣሪያዎች መካከል እንዴት ይመረጣል የሚለውን ነው የማስተዋውቀው። የኔ አቋም ቀድሞ ይታወቅ፤ ብዙ ሥራ የሚሠራው በጣም ተራ የሆነው መሣሪያ ነው።

ደብተሩን አልንቀውም። ሽማግሌዎችን በየስልካቸው እየደወለ የሚጠራ ሰው ሁልጊዜ ደብተር ይይዛል፣ መያዝም አለበት። ችግሩ የሴቷ ወገን ሌላ ደብተር፣ የወንዱ ወገን ሌላ ደብተር መያዙ ነው። አንድ ሰው በሁለቱም ይጻፋል፣ ሌላው ከሁለቱም ይቀራል።

ዋትስአፕ ሁሉም እጅ ላይ አለ። አንድ ቡድን እስከ 1,024 ሰው ይይዛል፣ እ.ኤ.አ. ከ2022 ወዲህ ደግሞ ድምፅ መስጫ አለው። «ከጄፒ የሚነሣ መኪና ቢዘጋጅ ማን ይመጣል?» ለሚለው ጥያቄ ከዚህ የሚሻል የለም። ነገር ግን ማን ምን እንደመረጠ ቡድኑ ሁሉ ያያል። ስኳር እንዳለበት፣ ወይም የሆነ ምግብ እንደማይስማማው በሦስት መቶ ሰው ፊት መጻፍ የማይፈልግ እድምተኛ ዝም ይላል፤ ዝምታውም «ምንም ችግር የለም» ተብሎ ይቆጠራል።

ጎግል ፎርምስ ይህን ይፈታል። በነጻ የሚገኝ፣ ጥያቄውን በፊደላችን የሚቀበል፣ መልሱን ለአዘጋጁ ብቻ የሚያደርስ ቅጽ ነው። በመልሱ መሠረት ወደ ሌላ ጥያቄ ማሻገርም ይችላል፤ «የጾም» ያለ ሰው «ዓሣስ ይበላሉ?» ተብሎ ይጠየቃል፣ «የፍስክ» ያለው አይጠየቅም። ቅጹ አጭር ይሁን፣ ፎቶም አይብዛበት። የአገሪቱ የውድድር ኮሚሽን እ.ኤ.አ. በ2019 የሞባይል ዳታ ዋጋ ውድ መሆኑን አረጋግጦ ኩባንያዎቹ እንዲቀንሱ ግፊት እስከማድረግ ደርሷል፤ በሱቅ ገቢ የሚኖር ሰው ዳታውን ይቆጥባል።

ከሁሉ በላይ ግን ጥያቄው ላይ መጨነቅ ይገባል። ሃይማኖት አይጠየቅ፣ ምግብ ይጠየቅ። «ኦርቶዶክስ ነዎት?» የሚለው ሰውን ይቆጥራል እንጂ ሳህን አይቆጥርም። የሚጾም አለ፣ የማይጾም አለ፤ በነቢያት ጾም ዓሣ የሚበላ አለ፣ የማይበላ አለ። ቀኑም መልሱን ይለውጠዋል። የፈረንጆቹ ዲሴምበር በደቡብ አፍሪካ የዕረፍትና የሠርግ ወቅት ነው፤ ለእኛ ግን ከኅዳር 15 እስከ ገና ዋዜማ የሚዘልቀው የነቢያት ጾም መካከል ነው። ኦርቶዶክሱ ራሱ በዚህ ወቅት ሥርዓተ ተክሊል ባይፈጽምም በወዳጁ ሠርግ ላይ ይገኛል። ያ ሠርግ ቅዳሜ ነው ብሎ «ዛሬማ የፍስክ ቀን ነው» የሚል ደጋሽ ተሳስቷል፤ በጾሙ ውስጥ ቅዳሜና እሑድም ጾም ናቸው።

የሥጋው ጉዳይ ሌላ ነው። አገር ቤት የክርስቲያንና የሙስሊም ሥጋ በየራሱ ይዘጋጃል፣ ሁሉም የሚበላበትን ያውቃል። እዚህ ግን በሱፐርማርኬት ከሚሸጠው ዶሮ ብዙው፣ እ.ኤ.አ. በ1996 እንደተቋቋመው ሳንሃ ባሉ ድርጅቶች የሐላል ማኅተም የተደረገበት ነው። ሙስሊሙ እድምተኛ ማኅተሙን ይፈልጋል፤ ልማዱን የሚጠብቅ ክርስቲያን ደግሞ ያንኑ ማኅተም አይቶ ላይበላ ይችላል። ከየት እንደተገዛ የሚገልጽ ወረቀት በየድስቱ ፊት መለጠፍ ለሁለቱም ክብር ነው። እንጀራውም ቢሆን ይጠየቅለት። ጤፍ ግሉተን የለበትም፣ ስንዴ ዱቄት የተቀላቀለበት እንጀራ ግን አለበት፤ ስንዴ ለማይስማማው ሰው «እንጀራ ነው፣ ምንም አይልህም» ማለት አደጋ ነው። ለለውዝ አለርጂ የሆነ ሰው ካለ ደግሞ አብሽ የገባባቸው ምግቦች ይነገሩት፤ አብሽና ለውዝ የቅርብ ዘመዳሞች ናቸው፣ ለአንዱ የሚቆጣ ሰውነት ለሌላውም ሊቆጣ ይችላል።

ዞላንና ዘ ኖትን የመሳሰሉ የአሜሪካ የሠርግ ድረ ገጾች የጠረጴዛ ካርታ ይሥላሉ፣ የእድምተኛ ዝርዝርም ይይዛሉ። ያማሩ ናቸው። የተሠሩት ግን ለሌላ ሠርግ ነው። የመጀመሪያ ስምና የቤተሰብ ስም ይጠይቃሉ፤ በእኛ ባል በአባቱ፣ ሚስትም በአባቷ ስለሚጠሩ በቤተሰብ ስም ፊደል ተራ የተደረደረ ዝርዝር ባልና ሚስትን ይለያያል፣ ልጆቹን ደግሞ ከእናታቸው ያርቃል። ለቡፌ ሳይሆን ለእያንዳንዱ ሰው በሳህን ለሚቀርብ ምግብም ይበልጥ ይስማማሉ።

የምመርጠው ኤክሴልን ወይም ጎግል ሺትስን ነው። አንድ ሠንጠረዥ፣ ሁለቱ ወገኖች በጋራ የሚከፍቱት፣ በመጀመሪያው ዓምድ ላይ ለእያንዳንዱ ቤተሰብ አንድ ቁጥር ያለው። ቁጥር 14 የተባለው ቤት አባቱም፣ እናቲቱም፣ ልጆቹም ቁጥር 14 ናቸው፤ ስማቸው የትም ቢጀምር አይለያዩም። ከዚያ የጠራው ሰው፣ የምግቡ ዓይነት፣ የማይስማማው ነገር፣ የጠረጴዛው ቁጥር ይከተላሉ።

የምግቡ ዓምድ ላይ ግን በእጅ እንዳይጻፍበት። አንዱ «ጾም»፣ ሌላው «ፆም» ብሎ ይጽፋል፤ ለእኛ አንድ ነው፣ ለኮምፒውተሩ ሁለት የተለያዩ ቃላት ናቸው። ካውንትኢፍ የሚባለው ቀመር «ጾም» ያሉትን ሲቆጥር «ፆም» ያሉትን ይዘላቸዋል፣ ምግቡም በዚያው ልክ ያንሳል። መፍትሔው ተቆልቋይ ምርጫ ነው፦ ሁሉም ከተዘጋጁት ሦስት አራት መልሶች አንዱን ይነካል። ይህች ትንሽ ነገር ናት መሣሪያውን መሣሪያ የምታደርገው።

በአቀማመጡ ላይ ብዙ ሰው ከሚገባው በላይ ይደክማል። አሥር ሰው በአንድ ክብ ጠረጴዛ ዙሪያ በ362,880 መንገድ ሊቀመጥ ይችላል። ወንበር በወንበር መደልደል ስለዚህ አያስፈልግም፤ ጠረጴዛ በጠረጴዛ ይበቃል። ሽማግሌዎችና ካህናት ወይም መጋቢዎች ከፊት፣ ከድምፅ ማጉያው ግን ራቅ ብለው ይቀመጡ። ጿሚዎችን ለብቻ ማጎር ተገቢ አይደለም፤ ሰው ከዘመዱ ጋር ይቀመጥና የጾሙ ቡፌ ጭልፋው ተለይቶ በቀላሉ የሚደረስበት ቦታ ይሁን። ሱቅ ዘግተው ለሚመጡ ደግሞ በር አካባቢ ጠረጴዛ ይጠበቅላቸው፣ ምግባቸውም ይነሣላቸው። ከ30 ጠረጴዛ ሦስቱ ማንም ያልተመዘገበባቸው ይሁኑ፤ በመንደሩ ልማድ ጎረቤት ወደ ድግስ የሚመጣው በጥሪ ወረቀት ብቻ አይደለም፣ መምጣቱም ደስታ ነው።

ሰዓቱን በሁለቱም አቆጣጠር መጻፍ አይረሳ። «8 ሰዓት» የተባለ የአገሩ ሰው ጠዋት ወይም ማታ ይመጣል እንጂ ከቀኑ ስምንት ሰዓት አይመጣም።

ሠርጉ ሁለት ቀን ሲቀረው ሠንጠረዡ በወረቀት ይታተም፤ መብራት ቢጠፋ ወረቀት አይጠፋም። ለወጥ ቤቱ ድምሩ ብቻ ይሰጥ፦ የጾም ስንት፣ የፍስክ ስንት፣ የሙስሊም ስንት። ስም ያለበት ዝርዝር በር ላይ ለሚቆመው አስተናጋጅ ይበቃል፣ እሱም የጤናው ዓምድ ተቆርጦለት። እ.ኤ.አ. ከሐምሌ 2021 ጀምሮ ሙሉ በሙሉ ተፈጻሚ የሆነው የደቡብ አፍሪካ የግል መረጃ ጥበቃ ሕግ የሃይማኖትና የጤና መረጃን ልዩ ጥበቃ ከሚሹት ውስጥ ያስገባዋል። ሕጉ ለቤተሰብ ጉዳይ የተያዘ መዝገብን ባይመለከትም፣ ምግብ አቅራቢ ድርጅት ዝርዝሩን ሲረከብ ነገሩ ከቤተሰብ ይወጣል። ከሠርጉ በኋላ አድራሻው ለምስጋና ይቀመጥ፤ ማን ምን እንደማይስማማው የሚናገረው ዓምድ ግን ይደምሰስ።