«የመጨረሻ ፍርድ»፦ በብድር ክርክር የይግባኝን ወሰን ስለሚያመለክቱ ቃላት

በአዳማ (ናዝሬት)፣ በሞጆ፣ በመቂ፣ በባቱና በሻሸመኔ ከተሞች የሚነሣ የብድር ገንዘብ ክርክር በኦሮሚያ ፍርድ ቤቶች በኦሮምኛ ይካሄዳል። ጉዳዩ ወደ ፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት ሲደርስ ግን መዝገቡ ወደ አማርኛ መተርጐም ይኖርበታል። ስለዚህ ተርጓሚው የይግባኝን በር የሚከፍቱትንና የሚዘጉትን ቃላት ለይቶ ማወቅ አለበት። በዚህ ጽሑፍ ከእነዚህ ቃላት ዋና ዋናዎቹን እንመረምራለን።

በቅድሚያ «ይግባኝ» የሚለውን እንመልከት። በቅርጹ «ይግባ» ከሚለው የትእዛዝ አንቀጽና «ኝ» ከሚለው የተሳቢ ቅጥያ የቆመ ሙሉ ዐረፍተ ነገር ነው፤ ዛሬ ግን ስም ሆኖ «ይግባኙ»፣ «ይግባኝ ባይ» እየተባለ ይረባል። የኦሮምኛው «ኦልእያኖ» በአንጻሩ «ኦል» (ወደ ላይ) ከሚለውና ጩኸትንና አቤቱታን ከሚያመለክተው ቃል የተጣመረ ነው። ሁለቱ በአገልግሎት ይመሳሰላሉ፤ ስለዚህ «የላይ አቤቱታ» ብሎ ቃል በቃል መተርጐም አያስፈልግም።

ችግሩ የሚጀምረው «የመጨረሻ» ከሚለው ቅጽል ነው። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 320 ይግባኝ የሚባለው በመጨረሻ ፍርድ ላይ መሆኑን ይደነግጋል። በቀጠሮ፣ በመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ ወይም በማስረጃ አቀባበል ላይ በተሰጠ ትእዛዝ ብቻውን ይግባኝ አይባልም፤ ቅሬታው ከዋናው ፍርድ ይግባኝ ጋር ይቀርባል። እዚህ ላይ «የመጨረሻ» ማለት በያዘው ፍርድ ቤት ክርክሩን የቋጨ ማለት ነው። በ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት አንቀጽ 80 ስለ ሰበር ሥልጣን ሲነገር ግን የመጨረሻ ውሳኔ የሚባለው መደበኛው የይግባኝ መንገድ ያበቃበት ነው። እንግዲህ አንዱ ቃል በመጀመሪያው ስፍራ ይግባኝን ይፈቅዳል፤ በሁለተኛው ይግባኝ ማለቁን ያመለክታል። የኦሮምኛው «ሙርቲ ዹማ»ም ያንኑ አሻሚነት ስለሚሸከም ተርጓሚው ከምንጩ ርዳታ አያገኝም።

ለምሳሌ ያህል፣ ብድር እንዲከፍል የተፈረደበት አንድ የአዳማ ነጋዴ በትርጉሙ ላይ «የመጨረሻ ፍርድ» የሚለውን አንብቦ መንገዱ ሁሉ የተዘጋ ይመስለዋል እንበል። በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 323 የይግባኝ ማቅረቢያው ጊዜ 60 ቀን ነው። ቀኑ ካለፈ በኋላ ይግባኙን ለማስፈቀድ በቂ ምክንያት ማስረዳት ግድ ይሆንበታል። በጊዜው ይግባኝ ቢልም እንኳ ይግባኝ ማለቱ ብቻውን አፈጻጸሙን አያግድም፤ እግድ ለብቻው መጠየቅ አለበት። በመሆኑም «ይግባኝ» እና «እግድ» በትርጉም ሊቀላቀሉ አይገባም።

«ሰበር» የሚለው ቃል ከፈረንሳይኛው ሥርዓት ጋር ይመሳከራል፤ በዚያም ቋንቋ «ካሴ» የሚለው ግሥ መስበርንም ውሳኔ መሻርንም ይገልጻል። የሰበር ችሎት ዓይነተኛ ተግባር መሠረታዊ የሕግ ስሕተትን ማረም ነው። ተበዳሪው ገንዘቡን ከፍሏል ወይስ አልከፈለም የሚለው የፍሬ ነገር ጥያቄ ነው። ከ500 ብር በላይ የሆነን ብድር በምስክር ማስረዳት ይቻላል ወይ የሚለው ግን የሕግ ጥያቄ ነው፤ የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 2472 ጽሑፍን፣ በፍርድ ቤት የተሰጠ እምነትን ወይም መሐላን ይጠይቃልና። ስለዚህ የሰበር አቤቱታን «ሁለተኛ ይግባኝ» ብሎ መጥራት ስሕተት ነው።

ከዚህም ሌላ በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ባንክ በመያዣ የያዘውን ንብረት፣ በውሉ ሥልጣን ከተሰጠው፣ ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ያለ ፍርድ በሐራጅ ሊሸጥ ይችላል። በዚህ ጊዜ ፍርድ ስለሌለ ይግባኝም የለም። ባለዕዳው ለባንኩ የሚያቀርበው «ቅሬታ»፣ ለፍርድ ቤት የሚያቀርበውም «ክስ» ይባላል።

በበኩላችን የሚከተለውን እናቀርባለን። በያዘው ፍርድ ቤት ክርክሩን ለዘጋው «መቋጫ ፍርድ»፣ የይግባኝ መንገድ ላበቃበት ደግሞ «ይግባኝ የማይባልበት ፍርድ» ይባል። የሕጉን ቃል መለወጥ የሕግ አውጪው ድርሻ ስለሆነ፣ ተርጓሚው «የመጨረሻ» የሚለውን እንዳለ ጠብቆ ከሁለቱ ትክክለኛውን በቅንፍ ቢያክልበት የምንሻው ግልጽነት ይገኛል።