በመዳፍ ላይ የሚለዋወጠው ቀይ፦ በዛፖቴክ ሸማኔዎች መንደር

በቀላሚው መዳፍ ላይ አመድ የተነሰነሰባት የምስር ፍሬ የምትመስል ነገር ተቀምጣለች። በአውራ ጣቱ ጫን ሲላት ትፈርጥና መዳፉ በደማቅ ቀይ ይሞላል። ጥቂት የሎሚ ጭማቂ ጠብ ሲያደርግበት ቀዩ ወደ ብርቱካንማ ይፈካል፤ የኖራ ውኃ ሲጨምርበት ደግሞ ወደ ወይን ጠጅ ይጠቁራል። ዙሪያውን የቆሙት ስምንት ወይም ዐሥር ጎብኚዎች ካሜራቸውን ያነሣሉ። ይህ ትዕይንት በደቡብ ሜክሲኮ፣ በዋሃካ ግዛት፣ ቴዎቲትላን ዴል ቫዬ በተባለው የሸማኔዎች መንደር፣ በየሽመና ቤቱ ግቢ ዘወትር የሚታይ ነው። ከአምስት ደቂቃ አይበልጥም። የኬሚስትሪ ተማሪ ግን ስለ አሲድና ስለ ቤዝ በክፍል ውስጥ የተማረውን ሁሉ በእነዚህ አምስት ደቂቃዎች ውስጥ በአንድ ሰው መዳፍ ላይ ያገኘዋል።

መንደሩ ከዋሃካ ከተማ በስተምሥራቅ 30 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ፣ በትላኮሉላ ሸለቆ ውስጥ፣ በተራራ ግርጌ የተቀመጠ ነው። አነስተኛ የጎብኚ ቡድኖች ጠዋት በሚኒባስ ከከተማው ይነሡና በመንገዳቸው ላይ ግንዱ ከዳር እስከ ዳር 14 ሜትር ያህል የሚሰፋውን የቱሌ ዛፍ ያያሉ። ከዚያ ወደ ቴዎቲትላን፣ ከሰዓት በኋላም ወደ ሚትላ ፍርስራሾች ያመራሉ። በዚህ ሰሌዳ ውስጥ ለመንደሩ የሚተርፈው አንድ ወይም ሁለት ሰዓት ብቻ ነው። ይህ ጊዜ ምንጣፍ ለመግዛት ይበቃል፤ ምንጣፉን ለመረዳት ግን አይበቃም።

ዛፖቴኮች በዚህ ሸለቆ ዙሪያ የኖሩት ከጥንት ጀምሮ ነው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ500 ዓመት ገደማ ሞንቴ አልባንን መሥርተዋል፤ የራሳቸው ጽሕፈትም ነበራቸው። በቴዎቲትላን ቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ላይ ከቀድሞው ቤተ ጣዖት የተወሰዱ ቅርጽ ያላቸው ድንጋዮች ዛሬም ተሰክተው ይታያሉ። ሸማኔዎቹ በምንጣፍ ላይ ከሚያወጧቸው ጥለቶች ብዙዎቹ በሚትላ ግድግዳዎች ላይ ካሉት ደረጃ መሰል የድንጋይ ንድፎች የተወሰዱ ናቸው። ሆኖም አስጎብኚዎች «ከጥንት ጀምሮ ሳይለወጥ የኖረ ጥበብ» ሲሉ ሙሉ በሙሉ ማመን አይገባም። ከስፔናውያን መምጣት በፊት የአካባቢው ሰዎች የሚሸምኑት በወገብ ላይ በሚታሰር የሽመና መሣሪያ ሲሆን ክሩም ጥጥ ነበር። በጉም ሆነ በእግር የሚረገጠው የሽመና ዕቃ በ16ኛው ክፍለ ዘመን ከባሕር ማዶ የመጡ ናቸው። ዛፖቴኮች ሁለቱን ተቀብለው ከራሳቸው ቀለምና ጥለት ጋር አዋሐዷቸው፤ በእኔ አስተያየት ይህ «ሳይለወጥ ኖረ» ከሚለው ይልቅ የሚያስደንቅ ነው።

ለኢትዮጵያዊ ጎብኚ የግቢው ሥራ እንግዳ አይሆንበትም። ጸጉሩ ይታጠባል፣ ይበጠራል፣ ይፈተላል፤ ድሩ ይወጠራል፣ ማጉ ይወረወራል። መንዝ ውስጥ ባና ሲሠራ ያየ ሰው የበግ ጸጉር ሽታውን እንኳ ያውቀዋል። የሥራ ክፍፍሉም ቢሆን ከእኛው ጋር ይቀራረባል፦ እንደ ልማዱ ሴቶች ያበጥራሉ፣ ይፈትላሉ፤ ወንዶች ይሸምናሉ። ከ20ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ጀምሮ ግን በቴዎቲትላን ሴቶች ራሳቸው በሽመና ዕቃው ላይ ተቀምጠዋል፤ የራሳቸውን የኅብረት ሥራ ማኅበራትም አቋቁመዋል።

ነጭ ዱቄት ለብሳ የምትኖር ነፍሳት

ወደዚያች ምስር መሰል ነገር እንመለስ። ኮቺኒል ትባላለች፤ ሳይንሳዊ ስሟ ዳክቲሎፒየስ ኮከስ ነው። የምትኖረው በበለስ ቁልቋል ላይ ነው። እንስቷ ክንፍ የላትም፤ አፏን በቁልቋሉ ውስጥ ሰክታ ጭማቂውን እየመጠጠች ዕድሜዋን በአንድ ቦታ ትጨርሳለች። ተባዕቱ ግን ክንፍ ያወጣል፤ ከአደገ በኋላ ምንም አይበላም፤ ተራክቦ ፈጽሞ በጥቂት ቀናት ውስጥ ይሞታል። ነጩ ዱቄት እንስቷ የምታመነጨው ሰም ሲሆን ከፀሐይና ከድርቀት ይከላከልላታል። ቀዩ ደግሞ ካርሚኒክ አሲድ ነው። ቀለሙ ጉንዳንን የመሳሰሉ ጠላቶች እንዳይበሏት የሚከላከል ኬሚካላዊ መሣሪያዋ ነው። በደረቀች እንስት ክብደት ውስጥ ከአምስት እጅ አንዱ ያህል ካርሚኒክ አሲድ ነው። ያም ሆኖ አንድ ኪሎ ግራም ደረቅ ኮቺኒል ለማግኘት 140,000 ያህል ነፍሳት ያስፈልጋሉ፤ እነዚህም በእጅ የሚለቀሙ ናቸው።

በመዳፍ ላይ የታየው ለውጥ ምክንያቱ ይህ ነው። የካርሚኒክ አሲድ ሞለኪውል በአካባቢው ባለው የአሲድነት መጠን ልክ የሃይድሮጂን አዮኖችን ይለቅቃል ወይም ይይዛል። አዮኖቹ ሲለቀቁ በሞለኪውሉ ውስጥ ያሉት ኤሌክትሮኖች አቀማመጥ ይለወጣል፤ ስለዚህም የሚውጠው ብርሃን ይለወጣል፤ ዓይናችንም ሌላ ቀለም ያያል። በቤተ ሙከራ የምንጠቀምበት ሊትመስ የሚሠራው በዚሁ መንገድ ነው። ልዩነቱ ዛፖቴኩ ቀላሚ አመልካቹን የሚፈልገው አሲድ ለመለየት ሳይሆን ከአንድ ነፍሳት ብዙ ዓይነት ቀይ ለማውጣት መሆኑ ነው።

ቀለም ማውጣት አንድ ነገር ነው፤ ቀለሙን በክር ላይ ማቆየት ሌላ ነው። ክሩ ማቅለሚያው ውስጥ ከመግባቱ በፊት ወይም አብሮ አሉም በተባለ የአልሙኒየም ጨው ይቀቀላል። የአልሙኒየም አዮን በአንድ እጁ የጸጉሩን ፕሮቲን፣ በሌላው የካርሚኒክ አሲዱን ሞለኪውል እንደያዘ አስታራቂ ሽማግሌ በመካከላቸው ይቆማል። እርሱ ከሌለ ቀለሙ በመጀመሪያው እጥበት አብዛኛውን ይለቃል። አልሙኒየሙ በቆርቆሮ ጨው ሲተካ ደግሞ ቀዩ እንደ እሳት ይጋማል፤ አውሮፓውያን ይህንን የደረሱበት በ17ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ነው።

ሰማያዊው ፍጹም የተለየ ጠባይ አለው። ከኢንዲጎ ተክል የሚገኘው ሰማያዊ በውኃ አይሟሟም፤ ስለዚህ ወደ ክሩ ሊገባ አይችልም። ቀላሚው ኦክስጅን በሌለበት ጋን ውስጥ ያብላላዋል፤ በዚያም ሰማያዊው ወደሚሟሟና ቢጫ አረንጓዴ ወደሆነ መልክ ይለወጣል። ክሩ ተነክሮ ሲወጣ አረንጓዴ ነው። ከዚያ አየር ሲነካው በተመልካቹ ዓይን ፊት፣ በደቂቃዎች ውስጥ ሰማያዊ ይሆናል። የመዳፉ ትዕይንት ለፎቶግራፍ ይመቻል፤ የኢንዲጎው ጋን ግን ይሸታልና ብዙ አስጎብኚዎች ያልፉታል። ጎብኚው ይህን ለማየት ቢጠይቅ አይጸጸትም።

ምስጢሩን የሰረቀው ሰው

ስፔን ሜክሲኮን ከያዘች በኋላ ኮቺኒል ከብር ቀጥሎ ከዚያች ምድር የሚጓዝ ውድ ሸቀጥ ሆነ። ስፔናውያን ምንነቱን ደብቀው ስለያዙት አውሮፓውያን ዘር ነው ወይስ ነፍሳት በሚል ለረጅም ጊዜ ተከራክረዋል፤ ሌቨንሁክ በ18ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ በማይክሮስኮፕ ተመልክቶ ነፍሳት መሆኑን አረጋገጠ። በ1777 (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ቲየሪ ደ ሜኖንቪል የተባለ ፈረንሳዊ የእጽዋት ተመራማሪ በድብቅ ዋሃካ ገብቶ ነፍሳቷን ከነቁልቋሏ ሰርቆ ዛሬ ሄይቲ ወደምትባለው ቅኝ ግዛት ወሰደ። ከሦስት ዓመት በኋላ እርሱ ሲሞት ያመጣው ምርጥ ዘርም ብዙ አልቆየም። ነገሩ አያስገርምም። ዋሃካ ውስጥ ያለችው ኮቺኒል የዱር ነፍሳት አይደለችም፤ የአካባቢው ገበሬዎች ለብዙ ትውልድ መርጠው ያራቧት፣ ከዱር ዘመዶቿ ይልቅ ትልቅና ቀለመ ብዙ የሆነች የቤት እንስሳ ናት ማለት ይቻላል። ዝናብ ያጥባታል፤ ብርድ ይገድላታል፤ በአገሯ ያሉ ብዙ ጠላቶች ይበሏታል። ስለዚህ የቁልቋሉን ቅጠሎች በጥላ ሥር እየሰቀሉ፣ አዳኝ ትሎችን እየለቀሙ ይንከባከቧታል።

በ1856 ፐርኪን የተባለው እንግሊዛዊ ወጣት የመጀመሪያውን ሰው ሠራሽ ማቅለሚያ ካገኘ በኋላ የኮቺኒል ገበያ ወደቀ። በቴዎቲትላንም ርካሹ የዱቄት ቀለም ገባ። ዛሬ በመንደሩ ሁለቱም አሉ፤ ችግሩም ያለው እዚህ ላይ ነው። በዱቄት የተቀለመ ምንጣፍ ነውር የለበትም፤ ነውሩ በደጃፍ ላይ የመዳፉን ትዕይንት አሳይቶ በውስጥ የዱቄቱን መሸጥ ነው። ገዢው በዓይኑ ሊለይ አይችልም። ክሩን በእርጥብ ጨርቅ ማሸት ቀለሙ በደንብ መያዙን እንጂ ምንጩን አይናገርም። በእርግጠኝነት የሚለየው በቤተ ሙከራ በክሮማቶግራፊ ሲመረመር ነው፤ ጎብኚ ደግሞ ይህን መሣሪያ ይዞ አይጓዝም። በዚህ ምክንያት ሳምንታት ፈጅቶ በኮቺኒል የሚቀልመው ሸማኔ ከጎኑ ባለው ርካሽ ዋጋ ይመዘናል። አስጎብኚው ከሽያጩ ድርሻ የሚያገኝ ከሆነ ደግሞ ቡድኑ የሚወሰደው ሥራው ወዳማረበት ቤት ሳይሆን ድርሻው ወደሚበዛበት ነው። ጉዞ የሚመርጥ ሰው አስቀድሞ ይህንን ቢጠይቅ መልካም ነው።

ያለ ጠባቂ የተለቀቀች

የኮቺኒል ታሪክ እኛንም ይነካል። በለስ ወደ ትግራይ የገባው በ19ኛው ክፍለ ዘመን ሲሆን ፍሬው ሌላ እህል በማይደርስበት የክረምት ወራት የብዙ ቤተሰብ ምግብና የገቢ ምንጭ፣ ቅጠሉም የከብት መኖ፣ ተክሉም አጥር ሆኗል። በ2000ዎቹ መጀመሪያ ኮቺኒል ለካርሚን ምርት ተብላ ወደ ደቡብ ትግራይ ገባች። ካርሚን የምግብና የከንፈር ቀለም ማቅለሚያ ሆኖ በዓለም ገበያ ተፈላጊ ስለሆነ ሐሳቡ ያለ ምክንያት አልነበረም። ነገር ግን ዋሃካ ውስጥ በጥላ ሥር የምትጠበቀው ነፍሳት እዚህ አዳኝ የላትም፤ ደረቁ አየር ተስማማት፤ ተያይዞ የበቀለ ሰፊ የበለስ ዱር አገኘች። ገና የተፈለፈሉት ጫጩቶች በነፋስ ተሸክመው ከተክል ወደ ተክል ሄዱ። የሚለቀመው መጠን ከመራባቷ ጋር መራመድ ስላልቻለ በሺዎች በሚቆጠር ሄክታር ላይ ያለ በለስ ተጠቃ፤ ደረቀ።

አደጋው አስቀድሞ ሊገመት ይችል ነበር። የዚህች ነፍሳት የቅርብ ዘመዶች በደቡብ አፍሪካና በአውስትራሊያ ቁልቋልን እንደ አረም ለማጥፋት ሆን ተብለው ይለቀቁ ነበርና። ወደ አገራችን የመጣችው ነፍሳቷ ብቻ ናት፤ የዋሃካ ገበሬ ስለ ጥላው፣ ስለ አዳኞቿ፣ ስለ መልቀሚያው ጊዜ የሚያውቀው አብሯት አልመጣም።

በቴዎቲትላን ግቢ ውስጥ ጎብኚው መጀመሪያ ሊያይ የሚገባው ጓሮውን ነው፦ የተሰቀሉትን የቁልቋል ቅጠሎች፣ በላያቸው ያለውን ነጭ ነጠብጣብ፣ ከአጠገባቸውም የሚቆመውን ሰው። ቅጠሎቹ ሁለትና ሦስት ብቻ ከሆኑ ለትዕይንት የተቀመጡ ናቸው። ብዙ ከሆኑ ግን ሸማኔውን ስንት ወር እንደሚጠብቅ መጠየቅ ይቻላል። መልሱ ሦስት ወር ያህል ነው፤ እንስቷ ለመልቀም የምትደርሰው በዚያን ጊዜ ነውና። ከዚያ በኋላ ስለ ምንጣፉ ዋጋ መነጋገር ይቀላል።